ሙዚቃ አይግባበት በተባለው ትዕይንት

የፊልም ሙዚቃ ቀማሪ ቅጥረኛ ነው። ፊልሙ ተቀርጾ፣ ተቆርጦና ተቀጣጥሎ ሊያልቅ ሲል ይጠሩታል። ከዳይሬክተሩ ጋር ተቀምጦ ሙዚቃ የት እንደሚገባና የት እንደሚወጣ በሰከንድ ይለካል፤ ጥቂት ሳምንታት ይሰጡታል፤ የጻፈውን ካልወደዱት ጥለው ሌላ ሰው ያመጣሉ። በርናርድ ኸርማን በዚህ ሥራ ከሠላሳ ዓመት በላይ ኖሮ ቅጥረኛነቱን አንድም ቀን አምኖ አልተቀበለም። ስሙን ያስጠራውም ከሥራ ያስባረረውም ይኸው ጠባዩ ነው።

የተወለደው ጁን 29 ቀን 1911 በኒውዮርክ ከተማ ነው (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ቤተሰቡ ከሩሲያ የመጡ አይሁድ ነበሩ። አባቱ ሙዚቃ ወዳድ ስለነበር ልጁን ኦፔራ ቤት ይወስደዋል፣ ቫዮሊንም ያስተምረዋል። በ13 ዓመቱ በድርሰት ውድድር 100 ዶላር ተሸለመ። በኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲና በጁሊያርድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ተማረ፤ ሃያ ዓመት ሲሞላው የራሱን ትንሽ ኦርኬስትራ አቋቁሞ መምራት ጀመረ። ቁጡ ነበር፤ የማይወደውን ሙዚቃ ሲሰማ የሰው ፊት አይቶ ዝም የሚል ዓይነት አልነበረም።

በ1934 ሲቢኤስ የራዲዮ ጣቢያ ቀጠረው። ለእኔ የኸርማን እውነተኛ ትምህርት ቤት ከጁሊያርድ ይልቅ ይህ የራዲዮ ስቱዲዮ ነው። በዚያን ጊዜ የራዲዮ ድራማ የሚተላለፈው በቀጥታ ነበር። ተዋንያኑ በአንድ ማይክሮፎን ዙሪያ ቆመው ሲያነቡ፣ ኦርኬስትራው እዚያው ክፍል ውስጥ መሪውን እያየ ይጠብቃል። አድማጩ ምንም አያይም፤ ከቤት ወደ ጫካ መሄዱን፣ ሌሊቱ መንጋቱን፣ ሰውየው መዋሸቱን የሚነግረው ሙዚቃው ነው፤ ያውም በአምስት ወይም በአሥር ሰከንድ ውስጥ። ለረጅም ዜማ ጊዜ የለም። ኸርማን ሁለት ሦስት ድምፅ ብቻ ይዞ ሰውን ማስፈራት ወይም ማሳዘን የተማረው እዚህ ነው፤ እስከ ዕለተ ሞቱም ረጅም ዜማ ከመጻፍ ይልቅ አጭር ሐረግን እያመላለሰ ማጥበቅ ይወድ ነበር።

እዚያው ራዲዮ ጣቢያ ውስጥ ኦርሰን ዌልስ ከሚባል ጎረምሳ ተዋናይ ጋር ተገናኘ። ኦክቶበር 30 ቀን 1938 ዌልስ ከማርስ የመጡ ፍጡራን ምድርን ወረሩ የሚለውን ልብ ወለድ በዜና መልክ ሲያስተላልፍ ሙዚቃውን የመራው ኸርማን ነበር። የዚያ ስርጭት ብልሃት ግማሹ ያለው በሙዚቃው ላይ ነው፤ አድማጩ ተራ የዳንስ ሙዚቃ እየሰማ ሳለ ዜና ያቋርጠዋል፣ ከዚያ ምንም እንዳልተፈጠረ ሙዚቃው ይቀጥላል። በማግስቱ ጋዜጦች የሕዝቡን ድንጋጤ እጅግ አጋንነው ጻፉት፤ ዌልስም በዚያው ዝና ሆሊውድ ገባ። ሲሄድ ኸርማንን አስከትሎ ነው።

ሆሊውድ የራሱ ልማድ ነበረው። ቀማሪው ዜማውን በጥቂት መስመር ይነድፋል፤ ቫዮሊኑ ምን ይጫወት፣ መለከቱ የት ይግባ የሚለውን ግን ሌላ ባለሙያ ይዘረዝርለታል፤ ጊዜ ያጠረው የፊልም ከተማ ሌላ አማራጭ አልነበረውም። ኸርማን ይህን እንደ ነውር ቆጠረው። የትኛው መሣሪያ የቱን ድምፅ ያውጣ የሚለው ውሳኔ ራሱ ድርሰቱ ነው ብሎ ያምን ስለነበር የሥራዎቹን እያንዳንዷን ኖታ በገዛ እጁ ጻፈ። ለዌልስ የመጀመሪያ ፊልም ለ«ሲቲዝን ኬን» የተሰጠው 12 ሳምንት ነበር፤ ሌሎች ቀማሪዎች የዚያን ግማሽ እንኳ አያገኙም ነበር። ፊልሙ እየተሠራ ሳለ ክፍል በክፍል እያየ ጻፈ፤ አንዳንዱ ትዕይንት እንዲያውም የተቆረጠው በሙዚቃው ልክ ነው።

በዚያ ፊልም ውስጥ ያሉ ሁለት ነገሮችን ልጥቀስ። አንደኛው የቁርስ ጠረጴዛው ነው። የጋዜጣ ባለሀብቱ ኬንና የመጀመሪያ ሚስቱ ቁርስ ሲበሉ እናያለን፤ በሁለት ደቂቃ ያህል ውስጥ ዓመታት ያልፋሉ፣ ፍቅሩም ይሞታል። ኸርማን ለአዲስ ሙሽሮች የሚስማማ ለስላሳ ቫልስ ይጀምርና ያንኑ ዜማ በየዓመቱ እየለዋወጠው፣ እያጣደፈው፣ እያቀዘቀዘው ይሄዳል፤ መጨረሻ ላይ ባልና ሚስት ሳይነጋገሩ ጋዜጣ ሲያነቡ ዜማው አጥንቱ ብቻ ቀርቷል። ሁለተኛው ኦፔራው ነው። ኬን ድምፅ የሌላትን ሁለተኛ ሚስቱን በግድ የኦፔራ ዘፋኝ ሊያደርጋት ይሞክራል። ቀላሉ መንገድ ጎበዝ ዘፋኝ አምጥቶ ሆን ብላ እንድታበላሽ ማድረግ ነበር። ኸርማን ግን ለዚያ ትዕይንት ብቻ የሚሆን አዲስ የኦፔራ ዘፈን ጻፈ፤ ከፍታውን ለትንሽ ድምፅ የማይቻል አደረገው፣ ከሥሩም ከባድ ኦርኬስትራ አስገባበት። ዘፋኟ በቅንነት ትዘፍናለች፣ ሙዚቃው ይውጣታል። ተመልካቹ የሚያዝንላትም ለዚህ ነው።

ለ1941 የኦስካር ሽልማት ኸርማን በሁለት ፊልም ታጨ፤ አንዱ «ሲቲዝን ኬን»፣ ሌላው ነፍሱን ለሰይጣን ስለሸጠ ገበሬ የሚተርክ ፊልም። ያሸነፈው ገበሬው ነው። በዚያ ፊልም ለሰይጣኑ መምጫ የተጠቀመው የቴሌግራፍ ሽቦ በሌሊት ንፋስ ሲያፏጭ የተቀዳ ድምፅ ነበር። በሕይወት ዘመኑ ያገኘው ኦስካርም ያው አንዱ ብቻ ሆኖ ቀረ።

በዓመቱ የዌልስን ሁለተኛ ፊልም «ዘ ማግኒፊሰንት አምበርሰንስ»ን ስቱዲዮው ዌልስ በሌለበት ቆራረጠው። ከሙዚቃው ከግማሽ በላይ ወጣ፤ በቦታው ሌላ ሰው የጻፈው ገባ። ኸርማን ስሜን ከፊልሙ ላይ አንሡልኝ አለ፤ ተነሣለት። በሆሊውድ ሰዎች ስማቸው እንዲገባ ይካሰሳሉ እንጂ እንዲወጣ የሚከራከር ብዙ አልነበረም።

ከዚያ በኋላ ባሉት አሥር ዓመታት ላይ ብዙ አልቆይም። «ጄን ኤር»ን ሠራ፤ «ዘ ጎስት ኤንድ ሚስስ ሙየር»ን ሠራ፤ ለስምንት ዓመት ያህል ደግሞ «ዉዘሪንግ ሃይትስ» በተባለው የኤሚሊ ብሮንቴ ልብ ወለድ ላይ የራሱን ኦፔራ ጻፈ፤ በመድረክ ሳያየው ሞተ። በ1951 የሲቢኤስ ኦርኬስትራ ፈረሰ፤ ቴሌቪዥን መጥቶ የራዲዮው ዘመን እያለፈ ነበር። በዚያው ዓመት ለ«ዘ ደይ ዚ ኧርዝ ስቱድ ስቲል» ከተለመደው ኦርኬስትራ ቫዮሊኖቹን አስወጥቶ ሁለት ቴረሚን አስገባ። ቴረሚን አንድ ሩሲያዊ የፈለሰፈው የኤሌክትሪክ መሣሪያ ነው፤ ተጫዋቹ ሳይነካው እጁን በአንቴናዎቹ አጠገብ አየር ላይ እያንቀሳቀሰ ያስጮኸዋል። ከዚያ ወዲህ በሲኒማ የሌላ ዓለም ሰው ሲመጣ የምንሰማው የሚንቀጠቀጥ ድምፅ ብዙ ጊዜ የዚያ ፊልም የልጅ ልጅ ነው።

ከዳይሬክተር አልፍሬድ ሂችኮክ ጋር ሽርክናው በ1955 «ዘ ትራብል ዊዝ ሃሪ» በሚለው ፊልም ተጀመረ። ሁለቱ አይመሳሰሉም። ሂችኮክ ድምፁን የማያነሣ፣ እያንዳንዱን ትዕይንት አስቀድሞ በወረቀት ሥሎ የሚጨርስ እንግሊዛዊ ነው፤ ኸርማን በር በርግዶ የሚገባ፣ ሲከፋው የሚጮህ ኒውዮርካዊ። ግን ተማመኑ። በቀጣዩ ዓመት «ዘ ማን ሁ ኒው ቱ መች» ላይ ሂችኮክ ኸርማንን ራሱን በካሜራ ፊት አቆመው፤ በለንደኑ ሮያል አልበርት አዳራሽ በትሩን ይዞ ኦርኬስትራ ሲመራ ይታያል።

«ቨርቲጎ» (1958) የሽርክናቸው ከፍታ ነው የሚሉ አሉ፤ እኔም ከእነሱ ጋር ነኝ። በዚያ ፊልም ጡረታ የወጣ መርማሪ አንዲትን ሴት በመኪና እየተከተለ በሳን ፍራንሲስኮ ጎዳናዎች ይዞራል። ለረጅም ደቂቃዎች የሚናገር የለም። ሰውየው እየሠራ ነው ወይስ እያፈቀረ? ሥዕሉ አይነግረንም፤ ሙዚቃው ይነግረናል፤ ያው ሐረግ እየተሽከረከረ ይመለሳል እንጂ ማረፊያ አያገኝም። በዚያ ዓመት የአሜሪካ ስቱዲዮ ሙዚቀኞች አድማ ላይ ስለነበሩ ሙዚቃው የተቀዳው በለንደንና በቪየና በሌላ መሪ ነው፤ ኸርማን በዚህ ሲበሳጭ ኖረ።

ቴሌቪዥን ግን የራዲዮ ልጅነቱን መለሰለት። በ1959 ሲቢኤስ «ዘ ትዋይላይት ዞን» የተባለውን ተከታታይ ሲጀምር የመክፈቻውን ሙዚቃና የመጀመሪያውን ክፍል ሙዚቃ የጻፈው ኸርማን ነው። ለቴሌቪዥን ትልቅ ኦርኬስትራ የሚከፍል ስለሌለ በእጅ የሚቆጠሩ ሙዚቀኞች ይሰጡታል፤ ይህ ሌላውን ቀማሪ ያስለቅሳል፣ ለእሱ ግን የለመደው ቤቱ ነው። ወደ ልጅነት ከተማው ስለሚመለስ ሰው ለሚተርከው ክፍል የክር መሣሪያዎችና ሃርፕ በቁት፤ ስለምትናገር አሻንጉሊት ለሚተርከው ደግሞ ዋናውን ሥራ ለአንድ ባስ ክላሪኔት ሰጠው። ጣቢያው የተቀዳውን ሙዚቃ በመዝገብ አስቀምጦ ለሌሎች ፕሮግራሞችም ስለሚጠቀምበት የኸርማን ድምፅ ስሙ ባልተጻፈበት ቦታ ሁሉ ይሰማ ነበር። ስለዚያ ተከታታይ ሲነሣ ግን ሰው ሁሉ በአፉ የሚያንጎራጉራት አራት ድምፅ ያላት ጊታር የእሱ አይደለችም። ከሁለተኛው ዓመት ጀምሮ የእሱ መክፈቻ ተነሥቶ በማሪየስ ኮንስታንት አጫጭር ቅጂዎች ተተክቷል። ብዙ ሰው እስከ ዛሬ የኸርማን ናት ሲል እሰማለሁ።

ከዚያ «ሳይኮ» መጣ። ሂችኮክ ይህን ፊልም የሠራው በጥቁርና ነጭ፣ ከራሱ የቴሌቪዥን ፕሮግራም ባመጣቸው ባለሙያዎች፣ ከአንድ ሚሊዮን ዶላር ባነሰ ወጪ ነው። ኸርማን መለከቱን፣ ዋሽንቱን፣ ከበሮውን ሁሉ ትቶ ቫዮሊን፣ ቪዮላ፣ ቼሎና ኮንትሮባስ ብቻ ያዘ። ገንዘቡ ስላነሰ ነው የሚሉ አሉ፤ እሱ ግን ለጥቁርና ነጭ ሥዕል ጥቁርና ነጭ ድምፅ ፈልጌ ነው ይል ነበር። ሁለቱም ሳይሆን አይቀርም። ገንዘብ የሰረቀችው ማሪዮን በዝናብ መኪና ስትነዳ ያለውን ትዕይንት ድምፁን አጥፍቶ ያየ ሰው አንዲት ሴት መኪና ስትነዳ ብቻ ነው የሚያየው። ድምፁ ሲከፈት አንድ የማይቀር ነገር ከፊቷ እየጠበቃት መሆኑን ያውቃል። ይህን የጨመረው ካሜራው አይደለም።

ኸርማን በኋላ ደጋግሞ እንደተረከው፣ ሂችኮክ ፊልሙ ተቀጣጥሎ ሲያየው ተስፋ ቆርጦ ነበር፤ አሳጥሮ የአንድ ሰዓት የቴሌቪዥን ፕሮግራም ሊያደርገው አሰበ። ማሪዮን በመታጠቢያ ቤት ስለምትገደልበት ትዕይንት ደግሞ ትእዛዙ ግልጽ ነበር፦ ሙዚቃ አይግባበት። የውኃው ድምፅና የሴትየዋ ጩኸት ይበቃል። ሂችኮክ ለዕረፍት ሲሄድ ኸርማን ጻፈው።

የጻፈው ነገር አሠራሩ ቀላል ነው። በፊልሙ አብዛኛው ክፍል ሙዚቀኞቹ ክሩ ላይ ድምፅ የሚያፍን ትንሽ መሣሪያ አድርገው ይጫወታሉ፤ ጆሯችን ያንን የታፈነ ድምፅ ይለምዳል። ለዚህ ትዕይንት ግን ማፈኛው ይነሣል። ቫዮሊኖቹ ከላይ ጀምረው አንዱ በሌላው ላይ እርስ በርስ የማይስማማ ድምፅ እየጮሁ ይወርዳሉ፣ በየጩኸቱም ክሩ ይፋጫል። ከዚያ ሴትየዋ ግድግዳውን ተደግፋ ስትንሸራተት ሙዚቃው ወደ ቼሎና ኮንትሮባስ ይወድቃል፤ ከባድ፣ ዝግ ያለ፣ እየራቀ የሚሄድ። ትዕይንቱ ቢላዋው ገላ ሲቆርጥ በግልጽ አሳይቷል ብለው የሚምሉ ተመልካቾች አሉ፤ የሰሙትን ነው ያዩት።

ሂችኮክ ሲመለስ ኸርማን ትዕይንቱን ያለ ሙዚቃም ከነሙዚቃውም አሳየው። ከነሙዚቃው ይሁን አለ። ኸርማንም እርስዎ አይግባ ብለው ነበር እኮ ብሎ ሲያስታውሰው፣ ሂችኮክ ሐሳቡ የእኔ ስሕተት ነው ብሎ አለፈው። ክፍያውን ወደ እጥፍ አስጠጋለት፤ ከፊልሙ ኃይል ሢሶው የሙዚቃው ነው ማለቱም ይነገራል። ሦስት ዓመት ቆይተው «ዘ በርድስ»ን ሲሠሩ ደግሞ ኸርማን ምንም ሙዚቃ አልጻፈም፤ የወፎቹን ድምፅ ትራውቶኒየም ከተባለ የኤሌክትሪክ መሣሪያ ያወጡትን ባለሙያዎች በአማካሪነት አገዘ። ዝምታ ሲገባው ያውቅ ነበር ማለት ነው።

በ1960ዎቹ አጋማሽ የስቱዲዮዎቹ ሒሳብ ተለወጠ። የፊልም ሙዚቃ በሸክላ እየተሸጠ ትርፍ ማምጣት ጀመረ፤ ኃላፊዎቹ ወጣቱ የሚገዛው ዘፈን ፈለጉ። ሂችኮክ «ማርኒ» በተባለው ፊልሙ ገበያ አልቀናውም ነበርና ፖል ኒውማንና ጁሊ አንድሩስ ለሚጫወቱበት «ቶርን ከርተን» በኖቬምበር 1965 ለኸርማን ረጅም ቴሌግራም ላከ፤ የድሮው ዘይቤ ይቅር፣ ምት ያለው ለአዲሱ ትውልድ የሚሆን ነገር ጻፍ የሚል። ኸርማን እሺ አለና የፈለገውን ጻፈ፦ 12 ዋሽንት፣ 16 ሆርን፣ 9 ትሮምቦን፣ 2 ቱባ፣ ቼሎና ኮንትሮባስ፤ ቫዮሊን የለም። ሂችኮክ አንድ ግድያ ያለ ሙዚቃ ይሁን ብሎ ነበር። ኸርማን ለእሱም ጻፈለት። አንዴ ሠርቶለታል፤ ለምን ዳግም አይሠራም?

በማርች 1966 ቀረጻው ተጀመረ። ሂችኮክ ስቱዲዮ መጥቶ መክፈቻውን ሰማ፤ ያዘዘው አልነበረም። በሙዚቀኞቹ ፊት ቀረጻውን አስቆመው። ሥራው ለሌላ ቀማሪ ለጆን አዲሰን ተሰጠ፤ አሥራ አንድ ዓመት አብረው የሠሩት ሁለቱ ሰዎች ከዚያ ወዲያ አንድም ፊልም አብረው አልሠሩም።

ማን ትክክል ነበር? ስለዚያ ግድያ ብቻ ከሆነ ለሂችኮክ እፈርዳለሁ። በፊልሙ እንደቀረው ትዕይንቱ ሙዚቃ የለውም፤ አንድን ሰው በገበሬ ቤት ወጥ ቤት ውስጥ መግደል ምን ያህል ረጅምና አድካሚ እንደሆነ የሚያሳየው ያ ዝምታ ነው። የቀረው ፊልም ግን የአዲሰን ሙዚቃ ቢገባበትም የኸርማንን ያህል ክብደት አላገኘም፤ ገበያውም ቢሆን የተጠበቀውን ዘፈን አላገኘም።

ኸርማን ለንደን ገባ። ዳይሬክተሩ ፍራንሷ ትሩፎ «ፋራናይት 451»ን ሰጠው፤ የዘመኑ አዳዲስ ቀማሪዎች እያሉ ለምን እኔን ብሎ ሲጠይቀው፣ እነሱ የ20ኛውን ክፍለ ዘመን ሙዚቃ ይሰጡኛል፣ አንተ ግን የ21ኛውን ብሎ መለሰልኝ ሲል ተርኳል። በዚያው ዓመት ኦፔራውን በራሱ ገንዘብ በሸክላ አስቀረጸ። ሆሊውድ ግን ለጥቂት ዓመታት ረሳው።

ያስታወሱት በወጣትነታቸው «ሳይኮ»ን ያዩ አዳዲስ ዳይሬክተሮች ናቸው። ብራያን ዴ ፓልማ «ሲስተርስ»ን (1973) ሲያሳየው ባዶው ቦታ ላይ ለጊዜው የኸርማንን የራሱን የድሮ ሙዚቃ አስገብቶበት ነበር። ሽማግሌው ጮኸ፤ አጥፉልኝ፣ ያንን እየሰማሁ አዲስ ነገር እንዴት ላስብ! ዛሬ በየስቱዲዮው የተለመደው ይህ የተውሶ ሙዚቃ ቀማሪዎችን ሁሉ ሲያስመርር ይኖራል፤ ዳይሬክተሩ የተውሶውን ሲለምድ አዲሱን አይወድምና።

ከዚያ የ33 ዓመቱ ማርቲን ስኮርሴዚ መጣ። ስለ አንድ እንቅልፍ አልባ የኒውዮርክ ታክሲ ነጂ ፊልም ሠርቷል። ለ«ታክሲ ድራይቨር» ኸርማን ሁለት ነገር ብቻ ሰጠ። አንደኛው ከሥር እያበጠ መጥቶ የሚመለስ የመለከትና የከበሮ ድምፅ፤ ሁለተኛው ብቸኛ የሳክስፎን ዜማ፣ ከተማዋን ሊያፈቅራት የሚፈልግ ሰው የሚያንጎራጉረው ዓይነት። ሁለቱ አይታረቁም፤ ነጂውም ከራሱ ጋር አይታረቅም።

ቀረጻው የተካሄደው በዲሴምበር 1975 በሎስ አንጀለስ ነው። ኸርማን በልብ ሕመም ደክሞ ስለነበር አብዛኛውን የመራው ጃክ ሄይስ ነበር። ስኮርሴዚ እንደሚያስታውሰው፣ መጨረሻ ላይ ለአንዲት ቅጽበት፣ ነጂው በመስታወቱ ወደ ኋላ ለሚያይባት፣ ትንሽ ድምፅ ጎደለች፤ ኸርማን የተቀዳውን ወደ ኋላ አጫውቱት አለ፣ ሠራም። ዲሴምበር 23 ሥራው አለቀ። ያን ምሽት ከሌላ ዳይሬክተር ጋር የሚቀጥለውን ፊልም አየ፣ እራት በላ፣ ሆቴሉ ገብቶ ተኛ፤ በ24ኛው ቀን ማለዳ አልተነሣም። 64 ዓመቱ ነበር።

«ታክሲ ድራይቨር» በ1976 በካን ፌስቲቫል የመጀመሪያውን ሽልማት ወሰደ፤ መጨረሻው ላይም ለኸርማን መታሰቢያነት ተሰጥቷል። በ1977 ኦስካር ሟቹ በዚህና በዴ ፓልማ «ኦብሴሽን» ሁለት ጊዜ ታጭቶ በጄሪ ጎልድስሚዝ ተሸነፈ። በ1991 ስኮርሴዚ «ኬፕ ፊር»ን ደግሞ ሲሠራ ለ1962ቱ ፊልም ኸርማን የጻፈውን ሙዚቃ ቀማሪው ኤልመር በርንስቲን አሰናዳለት፤ በርንስቲን በዚያው ላይ ሂችኮክ በ1966 አስቁሞ ከጣለው የ«ቶርን ከርተን» ሙዚቃም ከፍሎ አስገባበት።